የአባቴ ወንበርና ልጄ እኩያ ናቸው

ልጄ የተወለደችው በሚያዝያ ወር 2005 ዓ.ም. ነው። አባቴ የቀበሌ ምክር ቤት አባል ሆኖ የተመረጠውም በዚያው ወር ነው። እናቴ ባለቤቴን ልታርስ አዲስ አበባ መጥታ ስለነበር አባቴ ድምፁን የሰጠው ብቻውን ነው። ማምሻውን ደውሎ “ተመረጥኩ” ሲላት፣ ሕፃኗን እንደታቀፈች “እኔ ሳልመርጥህ?” ብላ ሳቀችበት። ይህቺ ቀልድ ቤታችን ውስጥ ለዓመታት ኖራለች። ልጄ የልደት ኬክ በቆረሰች ቁጥር አባቴ ከገጠር ይደውልና “እኔና እሷ እኩያ ነን፤ የእኔስ ሻማ የታለ?” ይላል።

ዘንድሮ መስቀል ላይ ግን ቀልዱ ቀልድ መሆኑ ቀረ።

እንደማንኛውም የጉራጌ ልጅ እኔም መስቀልን ከተማ አላሳልፍም። ልጆቹን፣ ቅቤውንና ቡናውን ጭነን ወልቂጤን አልፈን አገር ቤት ገባን። ክትፎው ተበልቶ፣ ቡናው ሁለተኛ ላይ ሲደርስ ልጄ ከአያቷ አጠገብ ቁጭ ብላ ስለ ትምህርቷ ታወራዋለች። ሰባተኛ ክፍል ናት፤ የዜግነት ትምህርት አላቸው። አባቴ ጡረታ የወጣ መምህር ስለሆነ ልጅ ስለ ትምህርት ሲያወራው ሌላ ሰው ይሆናል። ስለ ምክር ቤት፣ ስለ ምርጫ ይጠይቃታል፣ ትመልሳለች። ከዚያ እሷ በተራዋ ጠየቀችው።

“አባባ፣ አንተ ለስንት ዓመት ነው የተመረጥከው?”

“ለአምስት።”

ትንሽ ዝም ብላ በጣቷ ቆጠረች። “እኔ እኮ 12 ዓመት አልፎኛል።”

ሁላችንም ሳቅን። አባቴ ግን አልሳቀም። ስኒውን አስቀምጦ ወደ ውጭ ወጣ። እናቴ በዓይኗ ተከትላው ስታበቃ ወደ እኔ ዞረችና “ተወው፣ ሰሞኑን ቁስሉን የነካበት አለ” አለችኝ።

ነገሩ የተነሳው በጀፎሮው ነው። ጀፎሮ ለማያውቅ አንባቢ፣ በጉራጌ መንደር ቤቶች ግራና ቀኝ ተሰልፈው ፊታቸውን የሚያዞሩበት ሰፊ የሣር መንገድ ነው። ከብት ይውልበታል፣ ሠርግ ይደገስበታል፣ ለቅሶ ይቀመጡበታል። እኔም እግሬን የተከልኩት እዚያ ሣር ላይ ነው። የማንም አይደለም፣ የሁሉም ነው። ታዲያ ከተማ ሠርቶ ጥሩ ገንዘብ ይዞ የተመለሰ አንድ ወጣት አጥሩን ወደ ጀፎሮው ገፋ አድርጎ ባሕር ዛፍ መትከል ይጀምራል። አባቴ እንደ ሽማግሌም እንደ ምክር ቤት አባልም ሄዶ “ልጄ፣ ይሄ የቀበሌው ሕዝብ ነው፤ እኛ የተመረጥነው ይህንን ልንጠብቅ ነው” ይለዋል። ልጁ አልጮኸም፣ አልተሳደበም። በትሕትና ነው የመለሰው፣ የከፋውም ትሕትናው ነው፦

“ጋሼ፣ አከብርዎታለሁ። ግን እርስዎን ማን መረጠዎት? እኔ ያኔ የ11 ዓመት ልጅ ነበርኩ።”

አባቴ መልስ አጣ። እናቴ እንደነገረችኝ ያን ዕለት እራቱን ሳይበላ ነው የተኛው።

ወደ አዲስ አበባ ስመለስ ስለዚህ ነገር ሳወራ ብዙ ሰው “እንዴ፣ ቀበሌ ምርጫ አለው እንዴ?” አለኝ። ጥያቄው አያስገርምም። ዛሬ 30 ዓመት ያልሞላው ማንም ኢትዮጵያዊ የቀበሌ ምክር ቤት መርጦ አያውቅም፤ መጨረሻው ምርጫ ሲካሄድ 18 ዓመት አልሞላውም ነበርና። ትዳር ይዘው፣ ልጅ ወልደው፣ ልጃቸውን ትምህርት ቤት ያስገቡ ሰዎች ናቸው እነዚህ። መታወቂያ ያወጡት፣ የነዋሪነት ማረጋገጫ ያጻፉት፣ ገጠር ያሉት ደግሞ በማዳበሪያና በመሬት ጉዳይ የተመላለሱት ባልመረጡት ምክር ቤት ስር ነው።

የ2005ቱ ምርጫ የሚያስመካ ነበር ማለቴ አይደለም። በሁለት ተከታታይ እሑዶች የተካሄደ ምርጫ ነው፤ አብዛኞቹ ተቃዋሚ ፓርቲዎች አልገቡበትም። አባቴ ራሱ በፉክክር አላሸነፈም። የተከበረ መምህር ስለሆነ “ይግባ” ተባለ፣ ገባ። በዚያን ጊዜ አንድ ቀበሌ እስከ 300 የሚደርስ የምክር ቤት አባል ነበረው፤ ወንበሩ ስለበዛ ከተወዳዳሪ ይልቅ የሚቀመጥ ሰው ነበር የሚፈለገው። ይህንን አባቴ ሳይጠየቅ ይናገራል። ግን አንድ ነገር ነበረ፤ ቀኑ። በ2000 ዓ.ም. ምርጫ ተደረገ፣ አምስት ዓመት ሲሞላ በ2005 ደግሞ ተደረገ። ያኔ ፉክክሩ ጎደለ እንጂ ቀኑ አልጎደለም። አሁን ቀኑም ጠፋ።

እንዴት እንደጠፋ አባቴ በደብተሩ ላይ ጽፎ አስቀምጦታል። ጡረተኛ መምህር ደብተር አይጥልም። በ2010 መደረግ የነበረበት የአካባቢ ምርጫ አገር ስላልተረጋጋ ተራዘመ። በ2011ም አልሆነም፣ ከጠቅላላው ምርጫ ጋር በ2012 ይደረጋል ተባለ። በ2012 ኮሮና መጣ። ጠቅላላው ምርጫ በ2013 ዓ.ም. ሰኔ ወር ሲካሄድ የቀበሌው አብሮ አልመጣም። አባቴ ያን ቀን ተሰልፎ ሁለት ወረቀት ተሰጠው፤ አንድ ለተወካዮች ምክር ቤት፣ አንድ ለክልል። “ሦስተኛዋስ?” ብሎ ጠየቀ። አስመራጩ ወጣት የቀለደ መስሎት ሳቀ።

በ2015 ነሐሴ ላይ ደግሞ አባቴ የተመረጠበት የደቡብ ክልል ራሱ ቀረና ቀበሌያችን በማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል ሥር ሆነች። ክልሉ ሄደ፣ የአባቴ ወንበር አልሄደችም።

እዚህ ላይ አንድ የማልረሳው ነገር አለ። ኮሮና ቤት ዘግቶብን በነበረበት በግንቦት 2012፣ የተወካዮች ምክር ቤት ዘመን ሊያልቅ ነው፣ ምርጫም የለም፣ ምን ይሁን? ተብሎ የሕግ ባለሙያዎች በሕገ መንግሥት አጣሪ ጉባኤ ፊት ሲከራከሩ በቴሌቪዥን ይተላለፍ ነበር። ከልጆቼ ጋር ተቀምጬ እከታተል ነበር፤ ሌላ ምን ሥራ ነበረንና። ሰዉ ሁሉ አንቀጽ ጠቃሽ ሆኖ ነበር። በመጨረሻ የፌዴሬሽን ምክር ቤት በሰኔ ወር ትርጉም ሰጥቶ ዘመኑ ተራዘመ። ትክክል ነው፣ አይደለም የሚለውን ክርክር ለባለሙያዎቹ እተዋለሁ። ነገር ግን አባቴ በዚያው ሰሞን ደወለልኝና እንዲህ አለኝ፦ “የእነሱ ገና ሊያልቅ ነው ይህ ሁሉ የሚሆነው። የእኛ ካለቀ ሁለት ዓመት ሆነው እኮ። አንድም ሰው የእኛን አላነሳም?”

አላነሳም። ሕገ መንግሥታችን ግን ትልቁንና ትንሹን እንዲህ አይለይም። አንቀጽ 38 ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በየጊዜው በሚካሄድ ምርጫ በየትኛውም የመንግሥት እርከን የመምረጥና የመመረጥ መብት አለው ይላል። አንቀጽ 50 ደግሞ ክልሎች ለታችኛው እርከን በቂ ሥልጣን እንዲሰጡ ያዛል፤ ምክንያቱም ሕዝቡ በቀጥታ የሚሳተፈው እዚያ ነው። “በየጊዜው” የሚለው ቃል ለጌጥ የገባ አይመስለኝም። መብቱ የዜጋ ከሆነ ቀኑን ቆርጦ ኮሮጆውን የማቅረብ ግዴታው የመንግሥት ነው።

ጥይት በሚጮህበት ቦታ ኮሮጆ ይዘርጋ አልልም። እናቶች ልጆቻቸውን ለመቅበር እንኳን ያልቻሉባቸው ቦታዎች እንዳሉ አውቃለሁ። የእኛ መንደር ግን በእነዚህ ሁሉ ዓመታት ገበያዋ አንድ ቀን አላጎደለችም። እድሩም ተሰብስቧል። ስብሰባ ይጠራል፣ መዋጮ ይሰበሰባል። ምርጫ ብቻ ነው ያልተቻለው።

እድሩን ካነሳሁ የእናቴን ልናገር። እናቴ የሴቶች እድር ገንዘብ ያዥ ነበረች፣ ለሁለት ዓመት። ሁለት ዓመቱ ሲሞላ የመጀመሪያው እሑድ ላይ ሴቶቹ ሁሉ ጀፎሮው ላይ ተሰበሰቡ። ድስቱ፣ ሳህኑ፣ ብርጭቆው፣ አግዳሚ ወንበሩ ሣሩ ላይ ተደርድሮ አንድ በአንድ ተቆጠረ። መዝገቡ ተነበበ፣ ገንዘቡ ተቆጠረ፣ ቁልፉ ለተተኪዋ ተሰጠ። አራት ብርጭቆ ጎደለ። እናቴ ማን ቤት እንደተሰበረ ታውቃለች፣ ግን ሐዘን ቤት ስለነበር ስሙን አልጠራችም፤ ከኪሷ ከፈለች። ከዚያ ሴቶቹ “እግዚአብሔር ይስጥሽ” ብለው መረቋት፣ ቡና ተፈላ። ያን ቀን ከሠርጓ ቀጥላ የምታስታውሰው ቀን ነው ብል አላጋነንኩም። ተመርጣ፣ ሠርታ፣ ተቆጥራላት፣ ተመርቃ ወረደች።

አባቴ ይህንን አላገኘም። አምስት ዓመት ሲሞላው ማንም ሳህን አልቆጠረለትም፤ ጥሩ ሠርተሃልም፣ ይብቃህም አላለውም።

አሁን ደግሞ የራሴን ኃጢአት ልንገራችሁ፤ አለበለዚያ ይህን ጽሑፍ ለመጻፍ መብት የለኝም።

በ2014 ዓ.ም. ከአጎቴ የወረስኩትን ትንሽ የእንሰት ማሳ በስሜ ለማስመዝገብ ፈልጌ ነበር። ሥራ ስለያዘኝ ደጋግሜ መመላለስ አልችልም ነበርና ለአባቴ ደወልኩ። “አንተ እዚያ ነህ፣ ንገራቸው” አልኩት። ቀላል ነገር ነው የመሰለኝ፤ ልጅ አባቱን ይህን ባይጠይቅ ማንን ይጠይቃል? እሱም ሄዶ ነገራቸው። በሄድኩበት ቀን ገብቼ በዚያው ቀን ጨርሼ ወጣሁ። ከቀበሌው ጽሕፈት ቤት በር ላይ አንዲት ነጠላቸውን አፋቸው ላይ ያደረጉ የመንደራችን ባልቴት ተቀምጠው ነበር። ባላቸው ከሞቱ ወዲህ መሬቱን በስማቸው ለማዞር እየተመላለሱ ነው። ጎንበስ ብዬ ጉልበታቸውን ስሜ ሰላም አልኳቸው፣ መረቁኝ። እሳቸው የተነሱት መቼ እንደሆነ አላውቅም፤ እኔ ከሰዓት በኋላ ወልቂጤ ምሳ እበላ ነበር።

ዘንድሮ በመስቀል ማግስት ከአባቴ ጋር ጀፎሮው ላይ ስንሄድ ይህን ያነሳው እሱ ነው። እኔ ረስቼው ነበር፤ ወይም ረሳሁት ብዬ ነበር።

“ያቺን የመሬት ነገር ታስታውሳለህ?” አለኝ። “ያኔ አደረግኩልህ። በ2006 ብትጠይቀኝ ኖሮ አላደርገውም ነበር።”

“ለምን?”

“በ2006ማ ሴትዮዋ ነገ እንደሚመርጡኝ ወይም እንደማይመርጡኝ አውቅ ነበር። እንኳን እሳቸው፣ ቤተሰባቸው ሁሉ። ሰው ጨዋ የሚሆነው በራሱ ብቻ አይደለም፣ ልጄ። የሚያየው ሲኖር ነው።”

አባቴን 40 ዓመት ሙሉ እንደ ቀጥ ያለ ሰው ነው የማውቀው። ክፍል ውስጥ እኔን ከሌላው ልጅ ሳይለይ የገረፈኝ ሰው ነው። እሱን ያጎበጠው ሥልጣን አይደለም፤ የቀበሌ ምክር ቤት አባልነት ደመወዝ የለው፣ መኪና የለው። ያጎበጠው ማብቂያ የሌለው መሆኑ ነው። ያጎበጥኩትም እኔ ነኝ። ፉክክርም ባይኖር፣ የሚመጣ ቀን መኖሩ ብቻ አባቴን ከእኔ ይጠብቀው ነበር።

መልቀቂያ ለማስገባት እንደሞከረ የነገረኝም ያን ዕለት ነው። ወጣቱ ከተናገረው በኋላ ሁለት ገጽ ሙሉ በዚያ በሚያምር የመምህር ጽሕፈቱ ጽፎ ወደ ቀበሌው ሄደ። የቀበሌው ሥራ አስኪያጅ ተቀጣሪ ነው፣ ወጣት ነው፣ ክፉ ልጅም አይደለም። ደብዳቤውን ቆሞ አነበበ። ከዚያ “ጋሼ፣ ይህንን የምቀበለው እኔ አይደለሁም፣ ምክር ቤቱ ነው” አለው። ምክር ቤቱ መቼ ይሰበሰባል? የሚሰበስበው አፈ ጉባኤው ነው። አፈ ጉባኤውስ? ኑሮውን ቡታጅራ ካደረገ ቆየ።

በዚህ ምክንያት አባቴ መውረድም አልቻለም። ደብተሩ ላይ ከእኛ መንደር አብረውት የተመረጡትን 14 ሰዎች ስም ጽፏል። አምስቱ ሞተዋል፤ ከስማቸው አጠገብ ትንሽ መስቀል ወይም ጨረቃ አድርጎላቸዋል። አራቱ ከተማ ገብተዋል። አንዷ፣ ያኔ ከሁሉም ወጣቷና ንቁዋ አባል፣ ቤይሩት ሄዳ ከዚያ ዱባይ ተሻግራ እስካሁን አልተመለሰችም። የቀሩት አራት ናቸው፣ አባቴን ጨምሮ። ከአራቱ አንደኛው ጆሮው አይሰማም።

“ሞቶ ማን እንደሚተካ ይታወቃል፣ ልጅ ነው የሚተካው” አለኝ እየሳቀ። “ይሄኛው ወንበር ግን ልጅ አይወርሰው፣ ሰው አይቀበለው።”

የጀፎሮው ጉዳይ በምክር ቤት አይደለም ያለቀው። የመንደሩ ሽማግሌዎች በአገሩ ልማድ ተቀምጠው ልጁን አነጋገሩት፤ አጥሩን ወደ ኋላ መለሰ፣ የተከላቸውን ችግኞች ግን አልነቀለም። ለአሁኑ ሰላም ነው። ችግኞቹ ትልቅ ዛፍ ሲሆኑ ማን እንደሚቆርጣቸው እንጃ።

ልጄ በመመለሻችን ዋዜማ አያቷን ይቅርታ ልትጠይቀው ሄደች። እኛ አላልናትም፣ በራሷ ነው። “አባባ፣ ያስከፋሁህ መስሎኝ” አለችው። ሳቀና ጭንቅላቷን ሳመ። ከዚያ ያንን ደብተር አምጥቶ አሳያት። ስሞቹን አንድ በአንድ አነበበችለት፤ እሱ ደግሞ የእያንዳንዱን ሰው ታሪክ ነገራት፤ ማን ምንጩን ያስጠረገ፣ ማን የትምህርት ቤቱን አጥር ያሳጠረ፣ ማን በየስብሰባው የሚተኛ እንደነበረ። “አንተስ ምን ሠራህ?” አለችው። ለአፍታ አሰበ። “የመጀመሪያዎቹን አምስት ዓመታት ብትጠይቂኝ የምነግርሽ አለኝ” አላት።

በነጋታው ዕቃችንን ጭነን መኪና ልንገባ ስንል የአባቴ ስልክ ጮኸ። ከቀበሌ ነው። ረቡዕ የምክር ቤት ስብሰባ አለ፣ አጀንዳው ማዳበሪያ ነው፣ እንዳይቀሩ። ስልኩን ዘግቶ ወደ እኔ ዞረ።

“ልሂድ ወይስ ልቅር?”

ምን እንደምለው አጣሁ። ባይሄድ የማዳበሪያው ዝርዝር ማንም ሳያየው ያልፋል። ቢሄድ ደግሞ “ማን መረጠዎት?” የሚለው ጥያቄ አለ። እናቴ ከጓሮ የቆረጠችልንን ጎመን በፌስታል እያሰረች ከበሩ ሆና መለሰችለት።

“ሳህኑ ሳይቆጠር የት ትሄዳለህ? ሂድ እንጂ።”

ረቡዕ ማታ ደወልኩለት። ሄዷል። ምልአተ ጉባኤ ስላልሞላ ስብሰባው ለሌላ ቀን ተላልፏል።